ስኬል፣ እርከን ወይስ ቅኝት?

ጥያቄ፦ «ማታ ማታ ቤቴ በሁለት ዓይነት ድምፅ ይሞላል። ወንዱ ልጄ ፕሌይስቴሽን ላይ ‹ጎድ ኦፍ ዋር› ይጫወታል፤ እህቱ ፒያኖ ትለማመዳለች። እሱ ‹አማልክቶቹን ጨረስኳቸው!› ይላል፣ እሷ ‹ስኬል እየሠራሁ ነው› ትላለች። ‹አማልክቶች› ማለት ልክ ነው? ‹ጣዖቶች› ቢባልስ? ለስኬልስ አማርኛ የለንም? አንድ ወዳጄ ‹ሚዛን› በሉት ብሎኛል።»

መልስ፦ እናት ይሁኑ አባት አልገለጹልኝም፤ ብቻ ጥያቄዎ ደስ አሰኝቶኛል። በተለይ ስለ ስኬል ያነሱት ስንት ዓመት ስሟገትበት የኖርኩት ነገር ነው።

መጀመሪያ «ሚዛን» ይቅር። እንግሊዝኛ ውስጥ ስኬል የሚባሉ ዝምድና የሌላቸው ቃላት አሉ። የመመዘኛው ስኬል የመጣው ከጥንታዊው የኖርስ ቋንቋ ነው። «ስካል» ጎድጓዳ ሳህን፣ ጽዋ ማለት ነበር፤ የሚዛኑን ሳህን ያስቧል። (ልጅዎ በ2018 የወጣውን ጎድ ኦፍ ዋር ተጫውቶ ከሆነ፣ እዚያ የሚገጥማቸው እነ ባልደር የዚሁ ቋንቋ ተናጋሪዎች አማልክት ናቸው።) የሙዚቃው ስኬል ግን ከላቲኑ «ስካላ» ነው። መሰላል ማለት ነው።

መሰላልነቱ ፒያኖው ላይ በዓይን ይታያል። ልጅዎ ከዶ ጀምራ ነጮቹን ቁልፎች ብቻ እየነካች እስከ ላይኛው ዶ ስትወጣ አጠገቧ ይቁሙ። አውራ ጣቷ ዶ፣ ቀጣዩ ሬ፣ የመሃሉ ሚ ላይ ያርፋል። ከዚያ አውራ ጣቷ በመዳፏ ሥር ሾልኮ ፋን ይይዛል። በሚና በፋ መካከል ጥቁር ቁልፍ የለም፤ በሲና በላይኛው ዶ መካከልም የለም። እነዚያ ሁለት ቦታዎች ላይ ደረጃው ግማሽ ነው፣ ሌላው ሙሉ።

እንግዲህ እኔ «ቅኝት» እንበለው ባይ ነኝ። «እርከን እንበለው» የሚሉም አሉ። ክርክራቸው ቀላል አይደለም። እርከን ተዳፋት ላይ ለእርሻ የሚሠራው ደረጃ ነው። «የደመወዝ እርከን» ስንልም ስኬልን ተርጉመን ጨርሰናል። ቅኝትን ደግሞ ለትዝታ፣ ለባቲ፣ ለአምባሰልና ለአንቺ ሆዬ እንተወው ይላሉ። ምክንያታቸውም ቅኝት መሣሪያውን ማስተካከል ስለሆነ ነው። ክራር የሚቃኝ ሰው ላይኛው አግዳሚ እንጨት ላይ የተጠመጠመውን አውታር ጠምዘዝ ያደርጋል፣ በጣቱ ነካ አድርጎ ያዳምጣል፣ መልሶ ላላ ያደርጋል። ከትዝታ ወደ ባቲ ሲሻገር አውታሮቹን እንደገና ይቃኛል። ፒያኖ ግን አንዴ ከተቃኘ ተቃኘ፤ ልጅቷ የምትለውጠው ቁልፍ እንጂ ክር አይደለም።

ይህን ላስተባብል አልችልም። ግን አልረታም። ትዝታ በፒያኖ ሲመታ «ስኬሉ ትዝታ ነው» የሚል ሰው አላውቅም፤ «ቅኝቱ ትዝታ ነው» ነው የሚባለው። ቃሉ ከክሩ ከተላቀቀ ቆይቷል። ዛሬ ቅኝት ማለት ዜማው የሚመላለስባቸው የተመረጡ ድምፆች ናቸው። ትዝታ አምስት ድምፅ አለው፣ የልጅዎ መልመጃ ሰባት። በሁለት ድምፅ ብልጫ ስሙ የሚነፈገው ለምንድን ነው?

ቃሉን ሥሩ ድረስ እንከተለው። ግዕዙ «ቀነየ» ነው፦ ገዛ፣ አስገዛ። «ተቀንየ» ሲሆን ተገዛ፣ አገለገለ ይሆናል። መዝሙረ ዳዊት ምዕራፍ 2 ላይ «ተቀነዩ ለእግዚአብሔር በፍርሃት» ያለው ይኸው ነው። ነ እና የ አማርኛ ውስጥ ተዋሕደው ኘ ሆኑ፤ «ተመነየ» «ተመኘ» እንደሆነው ሁሉ። ቅኔ ከዚያው ሥር ነው። ቅኝ ግዛትም። በዚህ የተነሳ «ቃሉ የባርነት ሽታ አለው» ብሎ የተከራከረኝ ሰው ነበር። ታዲያ ቅኔንስ ልንጥል ነው? ድምፅን ለሥርዓት ማስገዛት እንደ ቅኝት የሚገልጽ ቃል አላገኘሁም። እርከን ስለ ደረጃው ብቻ ይነግረናል።

የወንድ ልጅዎም ቃል እዚሁ ሰፈር ነው። አምላክ ከ«መለከ» ነው፣ ገዛ፣ የራሱ አደረገ። መለኮትና አምልኮ እህቶቹ ናቸው። መልአክ ግን ቢመስልም ዘመድ አይደለም፤ እሱ ከ«ለአከ»፣ ላከ ነው። በጨዋታው ላይ ያለው ስፓርታዊ ክራቶስ እንኳ ስሙ በግሪክኛ ኃይል፣ ሥልጣን ማለት ነው። ዲሞክራሲ መጨረሻ ላይ ያለው «ክራሲ» ከዚሁ ቃል ነው። በ2005ቱ የመጀመሪያ ጨዋታ የጦር አምላኩን አሬስን ገድሎ ዙፋኑን ሲወርስ ስሙን ሆነ ማለት ይቻላል።

ጣዖት አይሆንም። ጣዖት የሚመለክ ምስል ነው፤ አሬስ ደግሞ እየተራመደ ሰይፍ የሚመዝ ባለታሪክ ነው። ቃሉ ከከበደዎት መጽሐፍ ቅዱሱም «ከእኔ በቀር ሌሎች አማልክት አይሁኑልህ» ይላል። ልጅዎ የጨዋታውን ርእስ ቢተረጉምልኝ «የጦር አምላክ» ቢል እወዳለሁ። «የጦርነት አምላክ»ም ስሕተት የለበትም፣ ግን ይረዝማል።

«አማልክቶች» ጆሮዬን ይቆረቁረኛል። አማልክት ራሱ ብዙ ነው፤ «መምህራኖች» እንደማለት ነው። ሆኖም አንድ ነገር ልደብቅዎ አልችልም። «አምላክ» በቅርጹ እንደ «አልባስ» እና «አድባር» ነው። እነሱ የልብስና የደብር ብዙ ቁጥር ናቸው። ስለዚህ «አማልክት» በብዙ ቅርጽ ላይ ሌላ ብዙ የተደረበበት ቃል ነው። የጥንቶቹ አንድ ጊዜ ከደረቡ፣ ልጅዎ ሁለተኛ ቢደርብ በደፈናው ተሳስቷል ለማለት አፌ አይደፍርም። መንገዱም በዚህ ቃል ተሞልቷል። እኔ ግን ስጽፍ «አማልክት» ብዬ አቆማለሁ፤ እሱም ፈተና ላይ እንዲሁ ቢጽፍ ይሻለዋል።

ሙዚቀኞቹም ቢሆኑ «ሜጀር ስኬል» ማለቱን ለምደውታል፤ ከአፋቸው ላወጣው አልችልም። ልጅዎ ከአስተማሪዋ ጋር ስኬል ትበል። እርስዎ ግን ዛሬ ማታ አንድ ነገር ይጠይቋት። ሦስት ሦስት ሆነው ከተደረደሩት ጥቁር ቁልፎች የግራውን ትያዝ። ከዚያ ወደ ቀኝ አምስት ጥቁር ቁልፎችን ብቻ በተራ፣ ቀስ ብላ ትንካ። ትዝታ ነው የሚወጣው። ምን እንደተጫወተች ስትጠይቅዎ በየትኛው ቃል እንደሚመልሱላት ይጻፉልኝ።