ያቺን ቀን መመለስ ብችል ኖሮ

ጥያቄ፦ መምህር፣ የምጽፍልዎ ከደሴ ነው። ዐረብ አገር በሰው ቤት ስሠራ እናቴ ታማ ዐረፈች፤ አልደረስሁላትም። በቅርቡ አንድ ልብ ወለድ አነበብሁ። ጊዜን በአስማት ወደ ኋላ መመለስ በሚቻልበት ዓለም፣ ይህን እርም ብለው በበረሃ የሚኖሩ መናንያን አሉ። ልጁ የሞተበት ሰው ደጃቸው ወድቆ ሲለምናቸው እንኳ «ያለፈውን ሰዓት አንነካም» ይሉታል። ጨካኞች መሰሉኝ። ለይሁዳው ንጉሥ ለሕዝቅያስ ለሞት ታሞ ሳለ ጥላው ወደ ኋላ ተመልሶለት የለም ወይ? እኔ ሁለት ሱባኤ ያዝሁ፤ ያቺ ቀን ግን ከልቤ አልወጣችም። አሁን ደግሞ አንድ አዋቂ የተባለ ሰው «ኮከብሽን ቆጥሬ የተበላሸውን ቀን አቃናልሻለሁ፣ ከእናትሽም አገናኝሻለሁ» አለኝ። ምን ይመክሩኛል?

መልስ፦ ልጄ፣ የእናትሽን ነፍስ በአብርሃም፣ በይስሐቅ፣ በያዕቆብ አጠገብ ያኑርልሽ። ስለ ፍትሐቱና ስለ ተዝካሩ አልነግርሽም፤ እንደ ወጉ እንዳደረግሽ አውቃለሁ።

ስለ አዋቂው ቃሌ አጭር ነው፤ አትሂጂ። የከፈልሽው ገንዘብ ቢኖር እንኳ ለማስመለስ ብለሽ ደጁን አትርገጪ። ዘዳግም 18 ሙታን ሳቢን ከጠንቋይ ጋር አንድ ላይ ይከለክላል። «ሊቃውንቱስ በባሕረ ሐሳብ ቀን ይቆጥሩ የለም ወይ?» የሚሉኝ አሉ። ባሕረ ሐሳብ ጾሙ መቼ እንደሚገባ፣ ፋሲካ መቼ እንደሚውል ያሳውቀናል፤ እኛ ለቀኑ እንታዘዛለን። ኮከብ ቆጣሪው ግን ቀኑ ለእኛ እንዲታዘዝ ነው የሚደክመው።

እኔን ያሳሰበኝ ሱባኤሽ ነው። በዚህ ሲሰናከል ያላየሁት ዓይነት ሰው የለም። ጠንቋዩን ይተዋል፤ ከጠንቋዩ ይፈልግ የነበረውን ግን በልቡ እንደያዘ ሱባኤ ይገባል። ስግደቱን ይቆጥራል፣ ዳዊቱን ይደግማል፣ ሰባተኛው ቀን ሲያልቅ ብድሩን እንደሚጠብቅ ሰው ይቀመጣል። ያሰበው ካልሆነ «ቁጥሩ አንሶ ይሆናል» ብሎ ይጨምራል። ቦታው ቤተ ክርስቲያን፣ ቃሉም መዝሙረ ዳዊት ቢሆን፣ ልቡ የአስማተኛ ልብ ነው። የቃሉንና የቁጥሩን ልክ ካገኘሁ እግዚአብሔር እምቢ ሊለኝ አይችልም ማለት ነውና።

ሕዝቅያስን አንሥተሻል። ጥላው አሥር ደረጃ ወደ ኋላ ተመልሷል፤ ግን ምልክት ነበር። ያለፈ ቀን ተመልሶለት እንደገና አልኖረውም፤ የተሰጠው 15 ዓመት ወደ ፊት ነው። ያም የተሰጠው ሥርዓት ስለ ፈጸመ ሳይሆን «እንባህን አይቻለሁ» ያለው አምላክ ስለ ራራለት ነው። ደግሞ ልብ በይ፤ ልጁ ምናሴ ሲነግሥ የ12 ዓመት ልጅ ነበር። በዚያ በተጨመረው ዕድሜ ተወልዶ ኢየሩሳሌምን በንጹሕ ደም የሞላት እርሱ ነው። ጊዜ ስለ ተጨመረ ብቻ ሁሉ ነገር አይቃናም።

ለአንቺ የሚሆነው ዳዊት ነው። ልጁ ሲታመም በምድር ላይ ተኝቶ፣ እህል ሳይቀምስ ለመነ። በሰባተኛው ቀን ሕፃኑ ሞተ። አገልጋዮቹ ሊነግሩት ፈሩ። እርሱ ግን ተነሣ፣ ታጠበ፣ ልብሱን ለወጠ፣ ወደ እግዚአብሔር ቤት ገብቶ ሰገደ፣ ከዚያም በላ። ሲደነቁ «እኔ ወደ እርሱ እሄዳለሁ እንጂ እርሱ ወደ እኔ አይመለስም» አላቸው። ሰባት ቀን ጾሞ የለመነውን አላገኘም፤ ሆኖም ቀድሞ የሄደው ወደ እግዚአብሔር ቤት ነው። ዳዊት ጨካኝ አባት ነበር ትያለሽ?

ያነበብሻቸው መናንያን ልብ ወለድ ናቸው፤ ደራሲው ምን እንዳሰበላቸው አልፈርድም። የእኛዎቹን ግን አውቃለሁ። አቡነ ኢየሱስ ሞዓ ካስተማሩበት፣ አቡነ ተክለ ሃይማኖት ከተማሩበት ከሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ያለሽበት ደሴ ሩቅ አይደለም። መነኩሴ ሲመነኩስ በቁሙ እንደ ሞተ ተቆጥሮ ጸሎተ ግንዘት ይደገምለታል። የራሱን ግንዘት የሰማ ሰው ስለ ዕድሜ አይከራከርም። ያዘነ ሰው ሲመጣበት ግን አብሮት ያለቅሳል፤ ያቺን እንባ ሳይሰጥ «አንነካም» ብቻ ብሎ የሚመልስ ካለ፣ ምናኔውን ገና አልጀመረውም።

አሁን ስሚኝ፣ ልጄ። እናትሽን የምትፈልጊያት ባልደረስሽባት ቀን ውስጥ ነው። እዚያ የለችም። ጌታችን «የሕያዋን አምላክ ነው እንጂ የሙታን አይደለም፤ ሁሉ ለእርሱ ሕያዋን ናቸውና» ብሏል። እናትሽ ዛሬ በፊቱ አለች። ቀኑ ቢመለስልሽ የምታገኚው የሕመሟን አልጋ ነበር፤ እርሷ ያንን አልፋዋለች። በቅዳሴ የሙታን ስም ሲነሣ ግን እርሷም አንቺም በአንድ አምላክ ፊት ትቆማላችሁ።

በሰው ቤት የለፋሽው ለእርሷ እንደ ነበር እግዚአብሔር ያውቃል። አለመድረስሽን ኃጢአት ብዬ አልጽፍብሽም። ሆኖም ለንስሐ አባትሽ ንገሪያቸው፤ ብቻሽን ተሸክመሽው ኖረሻልና። አዋቂው የሰጠሽ ክታብ ካለ ሳትፈቺው ይዘሽ ሂጂና ለእርሳቸው አስረክቢ። ሦስተኛ ሱባኤ አሁን አትያዢ። በመጀመሪያው እሑድ አስቀድሺ፣ ከዚያ ቤትሽ ገብተሽ እህል ቅመሺ።