ጣቢያው አጠገብ መጋዘን ልከራይ ወይ ላልከው ወንድሜ

«ከድሬዳዋ ሸቀጥ በባቡር አምጥቼ ኮምቦልቻ ላይ ብረከብስ? መጋዘንስ ባቡር ጣቢያው አጠገብ ልከራይ?» ብለህ የጠየቅከው ወንድሜ፣ አብሽር፣ ግን ቀብድ ሳትከፍል ይህን አንብብ። እኔ እዚሁ ኮምቦልቻ ነጋዴ ነኝ። በዚሁ ነገር ገንዘቤን ተበልቻለሁ።

1. ደላላ «ባቡሩ ሊጀምር ነው» ካለህ አትስማው። ሐዲዱ አለ፣ ጣቢያው አለ፤ ጭነትህን የሚያመጣልህ ባቡር ግን የለም። መስመሩ ከአዋሽ ተነስቶ በኮምቦልቻ አልፎ ወልዲያ አጠገብ ሀራ ገበያ ድረስ 392 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። የቱርኩ ተቋራጭ ያፒ መርከዚ የ1.7 ቢሊዮን ዶላር ውል ይዞ በ2007 ግንባታውን ጀመረ። የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2009 ሲመረቅ ባቡሩም ይከተላል ብለን ስንት ነገር አስበን ነበር። ከአዋሽ እስከ እኛ ያለው 270 ኪሎ ሜትር ሐዲድ ተነጠፈ። ባቡሩ የሚሄደው በኤሌክትሪክ ነው፤ መብራቱ ሳይገባ ቆየ። በዚያ ላይ የ2014ቱ ጦርነት መጣና ንብረቱ ተዘረፈ፣ ተሰባበረ። ይህን ሳስብ አሁንም ያመኛል።

2. «የሚመለከተውን ቢሮ ሄደህ ጠይቅ» የሚሉህም አሉ። እኔ ሄጃለሁ። ደላላው የመጋዘኑ በር ላይ ቆሞ፣ በጣቱ ወደ ሐዲዱ እየጠቆመ «ከፉርጎ ወርዶ በጋሪ ይገባልሃል» አለኝ። አከራዩ የዓመት ቅድሚያ ጠየቀ። ከመፈረሜ በፊት ላጣራ ብዬ ወደ አንድ ቢሮ ሄድኩ። ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው፣ ነገ ና፣ ከሰዓት ና። በመጨረሻ ሰውየውን አገኘሁት። ከወረቀቱ ቀና እንኳ ሳይል «ይጀምራል ተብሏል አይደል? ሌላ ምን ፈለግህ?» አለኝ። መቼ ስለው «ሲጀምር ትሰማለህ» ብሎ በእጁ ወደ በሩ አመለከተኝ። ያችን «ይጀምራል» አምኜ ፈረምኩ። የዓመት ኪራዬ በዚያው ቀረ። አከራዩ አንድ ብር አልመለሰልኝም። ከገንዘቡ ይልቅ የሚያንገበግበኝ የሰውየው መልስ ነው። «ቀኑ አልታወቀም፣ አትክፈል» ቢለኝ ምን ይጎድልበት ነበር?

3. ዕቃህን በመኪና አምጣ። ከጅቡቲ የሚመጣው ኮንቴይነር እንኳ ኮምቦልቻ ደረቅ ወደብ የሚገባው በሚሌና በባቲ በኩል በከባድ መኪና ነው። የሚሠራው ባቡር በ2009 ተመርቆ በ2010 መደበኛ ሥራ የጀመረው የአዲስ አበባ–ጅቡቲው ነው። እሱ ደግሞ ወደ እኛ አይመጣም። «አዋሽ ድረስ በባቡር፣ ከዚያ በመኪና» ብለህ አስበህ ከሆነም ተወው፤ ሁለቴ ማራገፍ፣ ሁለቴ መጫን ነው። ትርፍህን ጫኝና አውራጅ ይበላዋል። ወደ ድሬ ጭነት አድርሶ ባዶውን የሚመለስ ኤፍኤስአር (የኢሱዙ ጭነት መኪና) ፈልግ። ሹፌሩ ባዶ ከመምጣት ስለሚሻለው በዋጋ ትግባባላችሁ። እኔ ከዚያ ወዲህ እንዲህ ነው የምሠራው፤ ዛሬ ደሴ ያሉ ቸርቻሪዎች ከእኔ ነው የሚረከቡት፣ አልሐምዱሊላህ።

መጋዘኑ ዋናው መንገድ ላይ፣ ከባድ መኪና የሚዞርበት ቦታ ይሁን። ሱቅህ ደሴ ከሆነ የሐረጎ ዳገት አይቀርልህም፤ ባቡሩ ነገ ቢጀምር እንኳ ጣቢያው ያለው ኮምቦልቻ ነው። ኪራዩን በየሦስት ወሩ ለመክፈል ተደራደር። የዓመት ካልሆነ ካለህ ጥለኸው ሂድ፣ መጋዘን ሞልቷል።

ለራስህ ጉዞ በባቡር መሄድ ካማረህ አዲስ አበባ ለቡ ወይም አዳማ ጣቢያ ሄደህ ተሳፈር። በየቀኑ ስለማይሄድ ቀኑን አስቀድመህ አጣራ፣ መታወቂያህንም ያዝ። የድሬው አዲሱ ጣቢያ ከከተማው ወጣ ያለ ነው፤ የባጃጅ ሒሳብ ጨምር።

የደላላውን ስም በውስጥ መስመር ላክልኝ። የእኔው ሰውዬ ከሆነ እነግርሃለሁ።