ከእምነት ክህደቱ በፊት

ባሕር ዳር ላይ የወንጀል ጉዳይ መያዝ ለጀመራችሁ ወጣት ጠበቆች።

ልጆቼ፣ ክሱ ተነቦ፣ ተከሳሹ ጥፋቱን ያምን ወይም ይክድ እንደሆነ ከመጠየቁ (ከእምነት ክህደቱ) በፊት፣ ዳኛው «በክሱ ላይ መቃወሚያ አላችሁ?» ሲሉ ዝም ብላችሁ አታሳልፉ። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 130 ያን ጊዜ ያልተነሣ መቃወሚያ በኋላ እንዳይነሣ ይከለክላል፤ የሚፈቅደው መቃወሚያው ሳይታይ ትክክለኛ ፍርድ መስጠት የማይቻል ሲሆን ብቻ ነው። ስለዚህ የክስ ቻርጁን ቅጂ አስቀድማችሁ አግኙና አንድ ክስ ሊይዝ የሚገባውን ከሚዘረዝረው አንቀጽ 111 ጋር መስመር በመስመር አስተያዩት።

እንበል፣ ክሱ «በ2015 ዓ.ም. በጥር ወር ጣና ዳር የዓሣ መረብ ሰርቋል» ይላል። ጣና ዳር ከባሕር ዳር እስከ ጎርጎራ ነው! ቀኑና ቦታው ካልተለየ የዘጌ ሰው የሆነ ተከሳሽ «ያን ዕለት ቡናዬ ውስጥ ነበርኩ» ብሎ ምስክር እንዴት ይቁጠር? የመረቡ ባለቤት ካልተጠቀሰም ያው ነው፤ ስርቆት የሌላን ሰው ንብረት መውሰድ ነውና። ይህን ጻፉ። «ደንበኛዬ አልሰረቀም» የሚለውን ግን እዚህ አታስገቡት፤ ዓቃቤ ሕጉ «ይህ የማስረጃ ጉዳይ ነው» ብሎ በአንድ መስመር ያልፈዋል። ተከሳሹን ያላሳሳተ የፊደል ግድፈትም በአንቀጽ 118 ክሱን አያፈርስም።

መቃወሚያችሁ ቢሳካም አብዛኛውን ጊዜ ክሱ ይሻሻል ይባላል እንጂ ደንበኛችሁ ቤቱ አይገባም፤ ይህን አስቀድማችሁ ንገሩት። ይርጋ፣ ማለትም ክስ የሚቀርብበት የጊዜ ገደብ፣ ካለፈ ወይም በዚሁ ጉዳይ ቀድሞ ከተፈረደበት ግን ነገሩ ሌላ ነው።

ውድቅ ሲደረግባችሁ በመሐል ይግባኝ አትበሉ፤ አንቀጽ 184 አይፈቅድም። ነጥቡ ግን አልሞተም፣ ከመጨረሻው ፍርድ ይግባኝ ጋር ይነሣል። ለዚያ እንዲበቃችሁ መቃወሚያውን በጽሑፍ አስገቡ፤ ብይኑም መዝገብ ላይ መስፈሩን ተከታተሉ።

ሁለተኛው በር የዓቃቤ ሕግ ማስረጃ ተሰምቶ ሲያበቃ የሚከፈተው አንቀጽ 141 ነው፤ ማስረጃው በቂ ካልሆነ ተከሳሹ መከላከያ ሳያቀርብ በነጻ ይሰናበታል። አንድ ወረቀት ለሁለት ክፈሉ፤ በግራ ሕጉ የሚጠይቃቸውን ፍሬ ነገሮች፣ በቀኝ ስለ እያንዳንዱ የመሰከረውን ምስክር ተራ ቁጥር ጻፉ። ምስክሮቹ መረቡን ታንኳ ላይ ከማየት በቀር የማን እንደሆነ ካላወቁ ያ ረድፍ ባዶ ነው፤ ክርክራችሁም እሱ ነው።

«ይከላከል» ሲባል ቤተሰቡ የተፈረደበት መስሎት በረንዳ ላይ ማልቀስ ይጀምራል። ወጥታችሁ አረጋጓቸው፦ የቀረበው ማስረጃ መልስ ይፈልጋል ማለት እንጂ ጥፋተኛ ነው ማለት አይደለም። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 መሠረት ዛሬም እንደ ንጹሕ ይቆጠራል።

ጥፋተኛ ከተባለና ይግባኝ የምትሉ ከሆነ ማስታወቂያውን በ15 ቀን ውስጥ ለፈረደው ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ስጡ። ማመልከቻው የፍርዱ ግልባጭ በደረሳችሁ በ30 ቀን ውስጥ ይገባል። ግልባጩን ፍርዱ በተነበበ ዕለት ጠይቁ፤ ስትቀበሉም ቀኑ እንዲጻፍበት አድርጉ።