«ከመካከላችን አካን አለ» ስለሚባለው

ጥያቄ፦ መምህር ሆይ፣ የምኖረው በዋግ ኽምራ ገጠር ነው። ዘንድሮም ክረምቱ ሳይሞላ ወጣ፤ ያልነጠፈ ምንጭ የቀረን አንድ ብቻ ነው። ሰባት ቀን ምሕላ ያዝን፣ ጠብ ያለ ነገር የለም። ሽማግሌዎች «በኢያሱ ዘመን እርም የሆነውን ሰርቆ በሕዝቡ ሁሉ ላይ ቁጣ እንዳመጣው ሰው ከመካከላችን አካን አለ» ብለው ያለ ጋብቻ የወለደች አንዲት እናት ከምንጩ እንዳትቀዳ ከለከሏት። ቅዱሱ መጽሐፍ ይደግፋቸዋልን?

መልስ፦ ልጄ፣ የምሕላውን ሥርዓት ካህናቶቻችሁ ያውቁታል። እኔን ያሳሰበኝ አካን ነው። ዝናም በቀረ ቁጥር ይህ ስም ሲነሳ እሰማለሁ፤ አካን ሆኖ የሚገኘውም ሁልጊዜ ወገን የሌለው ሰው ነው። የደሃ ድንበር የገፋ ወይም በአራጣ ያበደረ ባለጸጋ አካን ተብሎ ከምንጭ ሲባረር እስከ ዛሬ አላየሁም። ኢያሱ ምዕራፍ 7ን ደግማችሁ አንብቡት፤ አካንን የለየው እግዚአብሔር እንጂ የጎረቤት ሐሜት አይደለም።

ኤልያስ በኮራት ፈፋ ተሸሽጎ ሳለ የሚጠጣው ውኃ ደረቀበት (1ኛ ነገሥት 17፥7)። የእርሱ ፈፋ በማን ኃጢአት ደረቀ እንበል? በ2007 ዓ.ም. ክረምት የሰላማዊ ውቅያኖስ መሞቅ ዝናማችንን ባዛባው ጊዜ ከ10 ሚሊዮን በላይ ሰው እርዳታ ፈላጊ ሆኗል። ያን ሁሉ ሕዝብ ያስራበችው አንዲት ሴት ናትን? ኃጢአት ቀላል ነው ማለቴ አይደለም። ነገር ግን ምሕላ «በድለናል» ይላል እንጂ «በድላለች» አይልም።

ሽማግሌዎቹ ዮሐንስ ምዕራፍ 4ን ዘለሉት መሰለኝ። አምስት ባሎች የነበሯት፣ ያን ጊዜም ባሏ ካልሆነ ሰው ጋር የምትኖር ሴት በቀትር ውኃ ልትቀዳ መጣች። ጌታ ከጉድጓዱ አላባረራትም፤ «ውኃ አጠጪኝ» ብሎ ለመናት። እናንተ ዛሬ የምትከለክሉት እርሱ ደጅ የጠናውን እንስራ ነው። ይህን በቁጣ የምጽፈው ሕፃኑም አብሮ ስለሚጠማ ነው።

ደግሞ ምሕላ እጅ አጣጥፎ መጠበቅ አይደለም። ይስሐቅ የተደፈኑትን የአባቱን ጉድጓዶች መልሶ ቆፈረ (ዘፍጥረት 26፥18)። ምንጩን ጥረጉ፣ ዙሪያውን አጥሩ፣ ለከብቶቹ ገንዳውን ወደ ታች ለዩላቸው፤ ውኃውንም በቤተሰብ ቁጥር ተካፈሉ።

ሽማግሌዎቹን ብቻህን አትጋፈጣቸው፤ የንስሐ አባትህን ይዘህ ሂድ። እስከዚያው ግን ነገ ጠዋት ጀሪካኗን ተቀብለህ ከአንተ ፊት በሰልፉ አቁማት።