ለጀማሪ ተመራማሪዎች፦ አዛውንቶቹን ጠይቁ

ልጆቼ፣ ብዙዎቻችሁ ላቦራቶሪውን ትወዳላችሁ፤ መንደር ወጥቶ ሰው ማነጋገሩ ግን ይሰለቻችኋል። ስለ ኩሩ የምጽፍላችሁ ለዚህ ነው።

ኩሩ በምሥራቃዊ የፓፑዋ ኒው ጊኒ ደጋማ አገር የፎሬን ሕዝብ የፈጀ የአንጎል በሽታ ነው፤ ስሙ በእነሱ አፍ መንቀጥቀጥ ማለት ነው። ታማሚው መጀመሪያ አረማመዱ ይዛባል፤ ከዚያ መቆም፣ መቀመጥ፣ በመጨረሻም መዋጥ ያቅተውና ብዙውን ጊዜ በዓመት ውስጥ ይሞታል። በብዛት የሚያልቁት ሴቶችና ልጆች ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1957 ሐኪሞቹ ካርልተን ጋይዱሴክና ቪንሰንት ዚጋስ ጥናቱን ሲጀምሩ ትኩሳት የለ፣ የኢንፌክሽን ምልክት የለ። በሽታው በቤተሰብ ውስጥ ስለሚመላለስ ብዙ ምሁራን በዘር የሚወረስ ነው ወደሚለው አዘነበሉ።

በ1960ዎቹ መጀመሪያ ሸርሊ ሊንደንባውምና ሮበርት ግላስ የተባሉ ባልና ሚስት አንትሮፖሎጂስቶች መጡ። ሥራቸው መንደር ለመንደር እየዞሩ መጠየቅ ነበር፦ ማን የማን ልጅ ነው? ማን መቼ ታመመ? አዛውንቶቹም በሽታው የቅርብ ጊዜ መሆኑን፣ ከየትኛው መንደር ወደየትኛው እንደተሻገረ ነገሯቸው። ዘመድ የሚባባሉት ሟቾችም ብዙዎቹ የሥጋ ዝምድና አልነበራቸውም። እንግዲህ አስቡት፤ ይህን ያህል ሰው የሚገድል ዘረመል በአንድ ሰው ዕድሜ እንዴት እንዲህ ሊስፋፋ ይችላል?

ፎሬዎች የሞተ ዘመዳቸውን ይበሉ ነበር፤ ትል ከሚበላው የሚወዱት ቢበሉት ይሻላል ብለው። (ፊታችሁን አታጨማድዱ፤ ለእነሱ የፍቅር ሥርዓት ነበር። የሚጠየፍ ሰው ደግሞ እውነቱ አይነገረውም።) አንጎሉን የሚበሉት በአብዛኛው ሴቶችና ልጆች ነበሩ። ወንዶቹ ለምን እንደተረፉ በዚህ ታወቀ።

ሌላው ፍንጭ የመጣው ከእንስሳት ሐኪም ነው። ዊልያም ሃድሎው የኩሩ ሟቾችን አንጎል ሥዕል አይቶ ስክሬፒ ከሚባለው የበግ በሽታ ጋር መመሳሰሉን በ1959 ለላንሴት መጽሔት ጻፈ። ስክሬፒ ከበግ ወደ በግ እንደሚተላለፍ ይታወቅ ስለነበር ኩሩንም በእንስሳ መሞከር ተገቢ ነው አለ፤ ውጤቱ ለመታየት ረጅም ጊዜ ሊወስድ ቢችልም። በ1966 ጋይዱሴክ፣ ጊብስና አልፐርስ በሽታው ወደ ቺምፓንዚ መተላለፉን አሳወቁ። ጋይዱሴክ በ1976 ኖቤል ተሸለመ። የበሽታው መንስኤ፣ ስታንሊ ፕሩዚነር በ1982 ፕሪዮን ብሎ የሰየመው፣ ቅርጹ ተዛብቶ ሌላውንም ፕሮቲን የሚያዛባ ፕሮቲን መሆኑ የታወቀው ከዚያ በኋላ ነው፤ ዝርዝሩን ከመማሪያ መጽሐፋችሁ ታገኙታላችሁ።

ስለዚህ መስክ ስትወጡ መጠይቁን ከመሙላታችሁ በፊት ሁለት ነገር ጠይቁ፦ ይህ በሽታ በአያቶቻችሁ ዘመን ነበር? በዚህ ቤት ያልታመመውስ ማን ነው? መልሱን ሳታቋርጡ ስሙ፤ አስተርጓሚው አሳጥሮ ከነገራችሁ ድገሙልኝ በሉት። አትቸኩሉ። ማይክል አልፐርስ ኩሩን ለአሥርተ ዓመታት ሲከታተል መጀመሪያ ሕፃናቱ መታመም አቆሙ፣ ቀጥሎ ወጣቶቹ፤ ልማዱ ከቀረ ከ40 ዓመት በኋላ ግን በልጅነታቸው የበሉ ሽማግሌዎች ገና ይታመሙ ነበር።