የሰርቢያ የፕለም ምርት እየጨመረ ነው ወይስ እየቀነሰ?

ሰላም ወንድሜ፣ የሰርቢያ ፕለም ጨመረ ወይስ ቀነሰ ላልከው፣ ዋናው ነገር መዋዠቁ ነው። በፈረንጆቹ 2013 ከ700 ሺህ ቶን በላይ ተመረተ። በ2017 ወደ 330 ሺህ ገደማ ወረደ። በ2020 ደግሞ ተመልሶ ወደ 580 ሺህ ተጠጋ። እና ሁለት ዓመት ብቻ አነጻጽሮ «ወደቀ» የሚልህን አትስማው።

አንዱ ትልቅ ጠንቅ የጸደይ ውርጭ ነው። ፕለም ቀድሞ ያብባል፤ በዚያ ሰሞን አንድ ብርዳም ሌሊት ከመጣ አበባው አለቀለት። ሌላው ሻርካ የሚባል የቫይረስ በሽታ ነው። ክሽክሽ በሚባሉ ጥቃቅን ነፍሳት ይዛመታል፣ ፍሬውን ሳይበስል ያረግፋል፣ የያዘውን ዛፍ የሚያድን መድኃኒትም የለውም። ፖዤጋቻ የተባለውን ነባር ዝርያ ክፉኛ ጎድቶታል። በሰርቢያዋ ቻቻክ ከተማ ባለው የፍራፍሬ ምርምር ተቋም የተዳቀሉት ዝርያዎች፣ እንደ ቻቻንስካ ሌፖቲሳ ያሉት፣ የተስፋፉት በከፊል ለዚህ ነው።

ከፕለም ጋር ተጽፎ አይተህ ምንድን ነው ያልከው «ስሎ» ደግሞ የፕለም የዱር ዘመድ ነው። የዓለም የምግብና እርሻ ድርጅት ሁለቱን በአንድ ረድፍ ስለሚመዘግብ ስሙን አየኸው እንጂ፣ ቁጥሩን የፕለም ነው ብለህ ብትወስደው አትሳሳትም። አብዛኛው ፍሬ ደግሞ በትኩሱ አይሸጥም። ሽሊቮቪትሳ ለሚሉት አረቄያቸው ይውላል።