የታወቀበት ዓመትና ቤት የደረሰበት ዓመት

በዚህ ዕትም የደረሱን ጥያቄዎች አብዛኞቹ ባለፈው፣ ማለትም በ20ኛው ክፍለ ዘመን ስለተለወጠው ኑሮ የሚያነሡ ናቸው። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ለተማሪዎቼ የክፍለ ዘመኑን የጊዜ ሰንጠረዥ እያዘጋጀሁ ነው። ለፔኒሲሊን 1928 ልጻፍ ወይስ 1940ዎቹን? የሴቶች የመምረጥ መብትስ የትኛው ዓመት ላይ ይግባ?

አንድ ዓምድ አይበቃዎትም፤ ሁለት ያድርጉት። በአንዱ ነገሩ የታወቀበትን ወይም የታወጀበትን ዓመት፣ በሌላው ተራው ሰው እጅ የገባበትን ይጻፉ። በሁለቱ መካከል ያለው ክፍተት ራሱ ትምህርት ነው።

ፔኒሲሊንን እንይ። ሳይንቲስቱ ፍሌሚንግ ፔኒሲሊን የሚወጣበት ሻጋታ ባክቴሪያ ሲገድል ያየው በ1928 ነው። በ1941 መጀመሪያ በኦክስፎርድ መድኃኒቱ የተሰጠው የመጀመሪያው ሕመምተኛ ፖሊስ ነበር፤ በጥቂት ቀናት ውስጥ ተሻለው። መድኃኒቱ ግን እጅግ ጥቂት ስለነበር ከሽንቱ እየተጣራ መልሶ ይሰጠው ነበር። በመጨረሻ አለቀ፤ ሰውየውም ሞተ። ችግሩ ሻጋታው የሚያድገው ጥልቀት በሌለው ዕቃ፣ በፈሳሹ ገጽ ላይ ብቻ መሆኑ ነበር። አየር እየተነፋበት በሚማሰል ትልቅ ጋን ውስጥ፣ ከበቆሎ ስታርች ፋብሪካ በሚተርፍ ፈሳሽ ማሳደግ ሲቻል ነው ምርቱ የናረው። በ1944 አጋማሽ ለጦር ሠራዊት የሚበቃ ክምችት ተገኘ። ስለዚህ 1928 እና 1944 ሁለቱም ልክ ናቸው፤ የሚመልሱት ጥያቄ ግን የተለያየ ነው።

የመምረጥ መብት ላይ ስሕተት የሚበዛው «ሴቶች» የሚለው ቃል ላይ ነው። «እንግሊዝ፣ 1918» ብሎ መጻፍ ግማሽ እውነት ነው፤ ያኔ የተፈቀደው 30 ዓመት ለሞላቸውና የንብረት መስፈርት ላሟሉ ሴቶች ነው፤ ወንዶች በ21 ይመርጡ ነበር። እኩል የሆኑት በ1928 ነው። «አውስትራሊያ፣ 1902» ሲባልም የአገሩ ነባር ሕዝቦች አብዛኞቹ አይገኙበትም፤ እነርሱ በአገር አቀፍ ምርጫ የመምረጥ መብት ያገኙት በ1962 ነው። ኒውዚላንድ በ1893፣ ክፍለ ዘመኑ ሳይገባ ቀድማለች። ፊንላንድ በ1906 መምረጥም መመረጥም ፈቅዳ፣ በማግሥቱ ዓመት 19 ሴቶች ፓርላማ ገቡ። ስዊዘርላንድ ግን በፌዴራል ደረጃ እስከ 1971 ቆይታለች፤ ከግዛቶቿ አንዷማ በ1990 በፍርድ ቤት ትእዛዝ ነው የተቀበለችው። በሰንጠረዡ ላይ ከዓመቱ ጎን «ለማን?» የሚል ጠባብ ዓምድ ቢጨምሩ አይቆጭዎትም።

ክፍለ ዘመኑ ራሱ የሚጀምረው ጥር 1 ቀን 1901 ነው እንጂ 1900 አይደለም፤ በአቆጣጠሩ ዜሮ ዓመት የለምና።

ጥያቄ፦ በ1900 የዓለም ሕዝብ አማካይ ዕድሜ 32 ገደማ ነበር የሚል አነበብኩ። ታዲያ ያን ጊዜ ሽማግሌ አልነበረም ማለት ነው?

ነበር እንጂ! አማካዩን ያወረዱት ሕፃናቱ ናቸው። ወረቀትና እርሳስ ይያዙ። አሥር ሰዎች እንውሰድ፦ ሦስቱ በ1 ዓመታቸው፣ አንዱ በ5 ዓመቱ ሞቱ። የቀሩት ስድስቱ እስከ 20፣ 40፣ 52፣ 60፣ 68 እና 72 ኖሩ። ሲደመር 320፣ ለአሥር ሲካፈል 32። ልብ ይበሉ፣ ከአሥሩ በ32 ዓመቱ የሞተ አንድም የለም። አሁን አራቱን ሕፃናት ከሞት አድነን እንደ ሌሎቹ በአማካይ 52 ዓመት እንዲኖሩ እናድርግ። አማካዩ 52 ይሆናል። የአዛውንቶቹ ዕድሜ በአንድ ቀን እንኳ ሳይረዝም ቁጥሩ በ20 ዓመት ዘለለ።

በእውነተኛው ዓለምም ከለውጡ ትልቁን ድርሻ የያዘው ይኸው ነው። በክፍለ ዘመኑ መጀመሪያ ከሦስት ሕፃናት አንዱ ገደማ አምስት ዓመት ሳይሞላው ይሞት ነበር፤ በ2000 ከ13 አንዱ ገደማ ሆነ። አማካይ ዕድሜውም ወደ 66 ደረሰ። ክትባት፣ በክሎሪን የታከመ የቧንቧ ውሃና ፀረ ባክቴሪያ መድኃኒት ድርሻቸው ትልቅ ነው፤ ፈንጣጣ ከምድረ ገጽ መጥፋቱ የታወጀው በ1980 ነው።

እኛን ከሁሉ የሚያስደንቀን ግን ስኳርና ጨው ነው። ተቅማጥ የሚገድለው ውሃና ጨው ከሰውነት በማሟጠጥ ነው። ውሃ ብቻ ቢጠጣ የታመመ አንጀት በቅጡ አይመጠውም፤ ስኳር ካለ ግን ጨውን ይዞ ይገባል፣ ውሃም ጨውን ይከተላል። ይህ አሠራር የታወቀው በ1960ዎቹ ነው። በ1971 ከባንግላዴሽ ጦርነት የሸሹ ስደተኞች በሰፈሩበት የሕንድ ካምፕ ኮሌራ ሲገባ በደም ሥር የሚሰጠው ፈሳሽ አለቀ። ሐኪሙ ዲሊፕ ማሃላናቢስ በአንድ ሊትር ውሃ 22 ግራም ግሉኮስ (የስኳር ዓይነት)፣ 3.5 ግራም ጨውና 2.5 ግራም ቤኪንግ ሶዳ አስበጥብጦ ለአስታማሚዎቹ ሰጠ፤ እነርሱም በኩባያ ያጠጡ ጀመር። ከመቶ 30 ገደማ የነበረው ሞት ወደ 3.6 ወረደ።

የተዘጋጀው ፓኬት ሁልጊዜ ይመረጣል። ከሌለ በ1 ሊትር ንጹሕ ውሃ 6 የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ይበጠበጣል፤ ማንኪያው የተቆለለ ሳይሆን በቢላ ጀርባ የተስተካከለ ይሁን። ጨው ከበዛ ለሕፃን አደገኛ ነው፤ ስኳር ከበዛ ደግሞ ውሃን ወደ አንጀት ስቦ ተቅማጡን ያብሳል።

ጥያቄ፦ የልብስ ማጠቢያ ማሽን ሴቶችን ነፃ አወጣ ይባላል። እውነት ነው?

ከማሽኑ በፊት ቧንቧው ይመስገን። ያለ ቧንቧ ልብስ ማጠብ ማለት መዘፍዘፍ፣ ነጩን መቀቀል፣ በሳሙና ማሸት፣ ሁለት ጊዜ ማለቅለቅ፣ መጭመቅ፣ ማስጣት፣ በነጋታው ደግሞ በከሰል ካውያ መተኮስ ነው። ለሳምንቱ ልብስ 200 ሊትር ውሃ ቢፈልግ፣ 200 ኪሎ ሸክም ማለት ነው፤ በ20 ሊትር ጀሪካን አሥር ምልልስ። ቆሻሻውን ውሃ አውጥቶ መድፋት ሳይቆጠር!

የመጀመሪያዎቹ የኤሌክትሪክ ማሽኖች የሚያሹት ብቻ ነበር። ልብሱ በእጅ ወጥቶ በሁለት ጥቅሎች መካከል ይጨመቃል፤ ቁልፍ ይሰባብራል፣ ያልተጠነቀቀች ጣቷ ይያዛል። ከመሙላት እስከ መጭመቅ ራሱ የሚሠራው ዓይነት ለቤት የመጣው በ1930ዎቹ መጨረሻ ነው፤ እርሱም ቢሆን ግፊት ያለው ውሃ፣ ፍሳሽ መውረጃና መብራት በሌለበት ሣጥን ነው።

ሰዓቱስ ቀነሰ? በአሜሪካ በተሠራ ጥናት ከቤት ውጭ ሥራ የሌላቸው የቤት እመቤቶች በ1920ዎቹ በሳምንት 52 ሰዓት ገደማ፣ በ1960ዎቹ ደግሞ 55 ሰዓት በቤት ሥራ ያሳልፉ ነበር። ማጠብ ሲቀል ሸሚዝ በየቀኑ መለወጥ ተለመደ፤ ለአጣቢ ይሰጥ የነበረው ልብስም ተመልሶ እቤት ገባ። የቀለለው ወገብ ነው፤ ሰዓቱ ባለበት ነው።

ጥያቄ፦ የቤተሰባችን አሮጌ ትልቅ ራዲዮ ሲከፈት ድምፅ የሚያወጣው ከግማሽ ደቂቃ በኋላ ነበር። ለምን? አሁን መልሰን ብንሰካውስ?

ቫልቭ፣ ማለትም አየር የወጣለት የመስተዋት ቱቦ ያለው ስለሆነ ነው። ቫልቭ ውስጥ ያለው ሽቦ ግሎ ኤሌክትሮን እስኪለቅ ድረስ ራዲዮው ዲዳ ነው። ያለ መብራት የሚሠራውም ዓይነት ሁለት ባትሪ ይፈልግ ነበር፦ አንዱ ሽቦውን የሚያግል ዝቅተኛ ቮልት፣ ሌላው 90 ቮልት ገደማ። ከባድና ውድ ስለነበር ራዲዮ የቤቱ የጋራ ንብረት ሆነ፤ ጣቢያ የሚመርጠውም የቤቱ ታላቅ ነበር። የቫልቭን ሥራ ሳይግል የሚሠራው ትንሹ ትራንዚስተር በ1947 መጨረሻ ተሠራ፤ የመጀመሪያው የኪስ ራዲዮ ገበያ የወጣው በ1954 ነው፤ አራት ትራንዚስተርና አንድ የ22.5 ቮልት ባትሪ ብቻ ነበረው። ዋጋው 50 ዶላር ገደማ ስለነበር መጀመሪያ ሁሉም አልገዛውም። እየረከሰ ሲሄድ ግን ልጆች የየራሳቸውን ሙዚቃ ትራስ ሥር መስማት ጀመሩ። ወላጅ የማይሰማውን መስማት፣ ለእኛ ከቴክኒኩ ይልቅ ትልቁ ነገር ይኸው ነው።

እንዲሁ አይሰኩት! ለዓመታት የተቀመጠ የቫልቭ ራዲዮ ውስጥ የወረቀት ካፓሲተሮቹ (ቻርጅ የሚያጠራቅሙት ክፍሎች) ማሳለፍ የሌለባቸውን ኤሌክትሪክ ያሳልፋሉ፤ ትራንስፎርመሩን ሊያቃጥሉ፣ ሣጥኑንም ሊያስነዝሩ ይችላሉ። ነቅሎም ቢሆን ቻርጅ ስለሚይዝ፣ ከፍቶ መነካካት የባለሙያ ሥራ ነው። መጀመሪያ ካፓሲተሮቹ ይለወጡ።

ጥያቄ፦ የአያቶቻችን ፎቶዎች ዓመት አልተጻፈባቸውም። እንዴት እንለይ?

ከፊት ይልቅ ወረቀቱን ይዩ። ጠርዙ እንደ መጋዝ ጥርስ የተቆራረጠ ከሆነ ብዙ ጊዜ ከ1930ዎቹ እስከ 1950ዎቹ ነው። ጥቁር ቦታው ወደ ብርሃን ሲዘነበል እንደ መስተዋት ብልጭ የሚል ከሆነ ብር ያለበት የጥቁርና ነጭ ኅትመት ነው። ጀርባው ፕላስቲክነት ካለው ከ1960ዎቹ መጨረሻ ወዲህ ነው። ባለቀለም ሆኖ ጨለማ አልበም ውስጥ ተቀምጦ ወደ ቀይ ካደላ የ1960ዎቹ ወይም የ1970ዎቹ ሊሆን ይችላል፤ ሰማያዊ አረንጓዴው ቀለም ቀድሞ ስለሚለቅ ነው።

እዚህም ሁለት ዓመት አለ፤ ፎቶው የተነሣበትና የታጠበበት። የ1940 ፊልም በ1975 ሊታጠብ ይችላል። ልብስም ያሳስታል፤ ሰው አሮጌ ካፖርት ይለብሳል። በፎቶው ውስጥ ካለው ዕቃ ሁሉ አዲሱን ይፈልጉ፤ ፎቶው ከእርሱ በፊት ሊሆን አይችልም። አዛውንቶችን «በስንት ዓመተ ምሕረት?» ብለው አይጠይቁ፤ «ከየትኛው ልጅ መወለድ በፊት?» ይበሉ።

ጀርባው ላይ በለስላሳ እርሳስ፣ ጠርዝ ላይ፣ ፎቶውን መስተዋት ላይ ደፍተው ይጻፉ፤ እስክሪብቶ ፊቱ ላይ ሰንበር ያወጣል። ከሚያጣብቅ አልበም ለማላቀቅ የጥርስ ማጽጃ ክር ከሥሩ እንደ መጋዝ ይሳቡ፤ እምቢ ካለ አይታገሉት፣ ገጹን እንዳለ ስካን ያድርጉ። 600 ዲፒአይ (በአንድ ኢንች 600 ነጥብ) ይበቃል፤ 6 በ9 ሳንቲሜትር የሆነች ፎቶ 1400 በ2100 ነጥብ ገደማ ትሰጣለች። ላሚኔት ግን በፍጹም፤ አንዴ ከተጣበቀ የሚመለስበት መንገድ የለም።